ፑሊና አራተኛው ፈረቃ

የስፌት መኪና መጠገኛ ሱቋ የገባ ሰው፣ ልብ ብሎ ካየ፣ መጀመሪያ የሚያስገርመው ግራ እግሯ ነው። መደርደሪያው ላይ ያለው ሬዲዮ የፈለገውን ይዝፈን፣ እግሯ ከዘፈኑ ቀድሞ ይሄዳል። ዘፋኙ ገና ትንፋሹን ሲስብ እሷ ምቱን ጨርሳ፣ መንገድ ላይ የሚጎተት ልጇን ዞራ እንደምትጠብቅ እናት፣ ቀጣዩ ምት ላይ ቆማ ትጠብቀዋለች። እጆቿ ግን አይቸኩሉም። ካቻቢቴዋን በሁለት ጣት ይዛ ከመኪናው ሆድ ውስጥ ደቃቅ ብሎን ስታወጣ ትንፋሿ እንኳ አይሰማም። በአንድ ሰውነት ውስጥ ሁለት የማይተዋወቁ ሰዎች የሚሠሩ ይመስላል።

ሰፈሩ ፑሊ ይላታል። ልጆቹ እትዬ ፑሊ፣ እኩዮቿ ፑሊ ብቻ። እናቷ ያወጣችላትን ስም የሚያውቀው መታወቂያዋን ያየ ነው። ሱቋ ከአንድ ሕንፃ ደረጃ ሥር የተወሸቀ ስለሆነ ረጅም ደንበኛ ጎንበስ ብሎ ይገባል፣ ሲወጣ ረስቶ ጭንቅላቱን ይገጫል። «እኔ አይደለሁም የመታሁህ፣ ደረጃው ነው፤ እሱን ክሰስ» ትለዋለች ቀና ሳትል።

የዝናቡ ወራት እንዳበቃ አንገቱ ላይ ትልቅ ማዳመጫ ያንጠለጠለ ወጣት ጎንበስ ብሎ ገባ።

«እትዬ ፑሊ እርስዎ ነዎት?»

«የምን መኪና ነው ያመጣኸው?»

«መኪና አላመጣሁም። የመጣሁት ስለ አራተኛው ፈረቃ ነው።»

ካቻቢቴዋ ቆመ። እግሯም ቆመ።

ባለማዳመጫው ከአንድ የሙዚቃ ድርጅት ነው የመጣው። ትሑት ልጅ ነው፤ በርጩማው ላይ እንኳ በግማሽ ቂጡ ነው የተቀመጠው። ያረጁ ዘፈኖችን ፈልገው፣ አጽድተው እንደገና ያወጣሉ። የአራተኛው ፈረቃ ባንድን ካሴት አግኝተው በመሣሪያ ሲመረምሩት ከተቀዳበት ፍጥነት በላይ እንደሚሮጥ ደረሱበት። የመጀመሪያው፣ እናቲቱ ካሴት፣ እሷ ዘንድ እንዳለ ሰምተዋል። ካሴቷን ከሰጠቻቸው ሥራውን በትክክለኛ ፍጥነቱ ያወጡታል።

«ሽፋኑ ላይ "እውነተኛው አራተኛው ፈረቃ" ይላል። እስከ ዛሬ ሲሰማ የኖረው በስሕተት የተፋጠነ ቅጂ እንደነበረም እናብራራለን።»

«በስሕተት?»

«ማለቴ፣ የቴክኒክ ስሕተት።»

«ስሕተቱንማ እኔ ነኝ የሠራሁት የኔ ልጅ፤ ከገዛ ሥራዬ ጋር አታስተዋውቀኝ።»

ልጁ ፈገግ ለማለት ሞከረ። «ዘፋኙን፣ ያክስትዎን ልጅ፣ አነጋግሬያቸዋለሁ። እሳቸው በጣም ነው ደስ ያላቸው። የቀሩት እርስዎ ብቻ ነዎት።»

ይህቺ ነገር ልቧን ስንጥቅ አደረገችው። ብሎኑን አንስታ ወደ ቀዳዳው መለሰች፣ አጠበቀች፣ ከሚገባው በላይ አጠበቀች።

ያኔ ፑሊ ገና ፑሊ አልተባለችም። የሠራተኛ ቱታ የሚሰፋበት ፋብሪካ ውስጥ የስፌት መኪና ጠጋኝ ነበረች። ፋብሪካው ሦስት ፈረቃ ነበረው፤ ከሥራና ከእንቅልፍ የምትተርፈውን ሰዓት እሷና ጓደኞቿ አራተኛው ፈረቃ አሏት። የባንዱ ስም ከዚያ ወጣ።

ባንዱ ሦስት ሰው ነው። እሷ ኪቦርድ ትጫወታለች፤ ሁለት ቁልፉ የማይሠራ፣ ከበሮው በውስጡ የተሞላ ኪቦርድ። ሽቦ የሚሉት ሬዲዮ ጠጋኝ ባስ ጊታር ይመታል፤ ከቅጥነቱ የተነሳ ጊታሩ እሱን የያዘው እንጂ እሱ ጊታሩን የያዘ አይመስልም ነበር። ዘፋኙ ያክስቷ ልጅ ነው። የከተማ አውቶቡስ ትኬት ቆራጭ ነበር፣ ደረቱ ቁም ሳጥን የሚያህል። ከኋላ በር ሆኖ «ሂድ» ሲል የራሱ ሹፌር ብቻ ሳይሆን ከፊት የቆመው መኪና ሁሉ ይንቀሳቀሳል እየተባለ ይቀለድበታል። ሲዘፍን ደግሞ ያ ድምፅ ወርዶ ወርዶ፣ ሰው ከሚሰማው በፊት የተቀመጠበት ወንበር ይሰማው ነበር።

በዚያ ዘመን ዳንስ እሁድ ከሰዓት ነበር፣ በሹፌሮች ማኅበር አዳራሽ። ዘበኛው አቧራ እንዳይነሳ ወለሉን ውሃ ይረጫል፤ ጎን ካለው ጋራዥ በመስኮት መብራት ይሳባል፤ የፋብሪካ ሴቶች፣ የጋራዥ ልጆች፣ ጸጉር ሠሪዎች የሥራ ልብሳቸውን ሳይቀይሩ ይመጣሉ። ከሚጫወቱት ሁሉ የተከበሩት አንድ ዓይነት ሱፍ የሚለብሱ ስድስት ወንድማማቾች ነበሩ፤ ወለሉ ሲሞቅ ኮታቸውን አያወልቁም፣ ላባቸው ከክራባታቸው ጫፍ ይንጠባጠባል። አዳራሹን የሚመራው ሰውዬ ለአዲስ ባንድ ያለው ሕግ አንድ ብቻ ነው። «መጀመሪያ ሚኒባስ ውስጥ ልስማችሁ» ይላል። ካሴትህ ሚኒባስ ውስጥ ካልተሰማ መድረኩን አትረግጥም።

ስለዚህ ቀዱ። በሽቦ የሬዲዮ መጠገኛ ክፍል፣ ብርድ ልብስ በሩ ላይ ሰቅለው፣ አምስት ዘፈን ቀዱ። እናቲቱ ካሴት ይቺ ናት። ከዚያ በሁለት ቴፕ ማባዛት ጀመሩ፤ አንዱ ያጫውታል፣ አንዱ ይቀዳል። ያከራየቻቸው ሴትዮ ያንኑ ዘፈን እየደጋገሙ ሲያሰሟት ጆሮዋ ዛለና «ወይ ዝም አሰኙት ወይ ልቀቁልኝ» አለች። ድምፁን አጠፉት፤ የቴፑ ድምፅ መለኪያ መርፌ ስትወዛወዝ ብቻ እያዩ ማባዛት ቀጠሉ።

መሐል ላይ የሚያጫውተው ቴፕ ቺንጋ፣ የጎማ ቀበቶው፣ ላላ። ቺንጋዋ ሞተሩ ጫፍ ባለችው፣ ፑሊ በሚሏት ትንሽ መዘውር ላይ እየተንሸራተተች ካሴቱ ይንገዳገድ ጀመር። መለዋወጫ የለም። እሷ ግን የፋብሪካ ልጅ ናት፤ እዚያ የላላ ቺንጋ ምን እንደሚደረግ ያውቃሉ። ፑሊዋን በጥቁር ናስትሮ ሁለት ሦስት ዙር ትጠቀልላታለህ፣ ፑሊዋ ትወፍራለች፣ ቺንጋው ይነክሳል፣ ሥራ ይቀጥላል። የወፈረች ፑሊ መኪናውን ትንሽ እንደምታስሮጠው ፋብሪካ ውስጥ ማንም ልብ አይልም፤ ፍጥነቱን የምትቆጣጠረው የሰፊዋ እግር ናት። ፔዳሉን ቀለል አድርጋ ትረግጣለች፣ አለቀ። ቴፕ ግን ፔዳል የለውም። የቴፕ ፑሊ ደግሞ የሸሚዝ ቁልፍ እንኳ አታክልም፤ ሁለት ዙር ናስትሮ ለእሷ ካፖርት ነው።

ካሴቶቹ እንደዚያ እየሮጡ ተቀዱ፤ ድምፁ ጠፍቶ ስለነበር ማንም ሳይሰማቸው ተበተኑ። ካንድ ሳምንት በኋላ ያክስቷ ልጅ ከሥራ ሲመለስ ሚኒባስ ውስጥ የሚያውቀውን ዘፈን ሰማ። ግጥሙ የሱ ነው፣ ዜማው የሱ ነው፣ ድምፁ ግን ጥርሱን አውጥቶ ያልጨረሰ ልጅ ድምፅ ነው።

«ማነው ይሄ ህፃን?» አለ ሹፌሩን።

«አራተኛው ፈረቃ የሚባሉ ናቸው። ስምንት ዓመቱ ነው አሉ። ጉድ እኮ ነው፣ እኔማ ትምህርት ቤት ይሂድ እንጂ ምን ያዘፍኑታል እላለሁ።»

ሽቦ ክፍል ሲደርስ ፊቱ አመድ መስሏል። ሦስቱም ካሴቱን ድምፅ ከፍተው ሰሙት። ሽቦ ሳቀ፣ ሳቀ፣ በመጨረሻ መሬት ላይ ተቀመጠ። ቴፑን ፈትቶ የተጠቀለለችውን ፑሊ ባየ ጊዜ ወደ እሷ ዞሮ «ፑሊ» አላት። ስሟ ሆኖ ቀረ።

አዳራሹ ግን አስቀድሞ ጠርቷቸው ነበር። እሁድ በትክክለኛው ፍጥነት ሊጫወቱ፣ ሰዉም እውነቱን ሊያውቅ ተስማሙ። ወጡ፣ ጀመሩ። ሰዉ ቆሞ አያቸው። ከፋብሪካ ሴቶች አንዷ ጮክ ብላ «ባትሪያቸው አልቋል» አለች። ሳቅ ሆነ። «ልጁ የታለ?» አለ ከኋላ አንዱ። «አባትየውን አንፈልግም፣ ልጁን አምጡልን።» ሰዉ ካሴቱን ሰምቶ ዳንስ አውጥቶለት ነበር የመጣው፤ ሩጫ ይሉታል። ጉልበት ይሠራል፣ እግር ከወለሉ አይለቅም፣ እጅ ሁለት ባልዲ እንደተሸከመ ሰው ተዘርግቶ ይወርዳል። በዚያ ቀርፋፋ ምት ሊጨፍሩ ሲሞክሩ እርስ በርስ ይጋጩ ጀመር።

ፑሊ ያክስቷን ልጅ አየችው። እሱም አያት። የከበሮውን ፍጥነት ካሴቱ ወደሚሮጥበት አወጣችው፤ ጣቶቿንም ወደ ላይኞቹ ቁልፎች ወሰደች። ትቶ መውረድ ይችል ነበር። ዓይኑን ጨፈነ፣ ትንፋሹን ሳበ፣ ያ ቁም ሳጥን ደረት ወደ ህፃኑ ድምፅ ወጣ። የአንገቱ ሥር ገመድ አከለ። የአዳራሹ ወለል ከዚያ በኋላ በጉልበቶች ብቻ ተሞላ፤ ሱፍ ለባሾቹ ሳይቀሩ ከጥግ ሆነው ኮታቸውን አወለቁ።

ይህ ሁሉ ከአንድ ክረምት እስከሚቀጥለው ነው የቆየው። እሁድ በመጣ ቁጥር ያክስቷ ልጅ የማይደርስበት ቦታ እየተንጠራራ ደረሰበት። ከዚያ አንድ እሁድ አፉን ሲከፍት አየር ብቻ ወጣ። ሐኪሙ ዝም በል አለው፤ ወራት ዝም አለ። ድምፁ ሲመለስ ሌላ ሰው ሆኖ ነበር፣ ዝናብ የመታው ካርቶን ይመስል የሟሸሸ። አውቶቡሱ ላይ «ሂድ» የሚልበት ፊሽካ ተሰጠው። አዳራሹን ማኅበሩ ለሲሚንቶ መጋዘን አከራየው። ሽቦ አፈር ከገባ ቆይቷል። የቀረው የፈጠነው ካሴት ነው፤ ከካሴት ወደ ሲዲ፣ ከሲዲ ወደ ስልክ እየተገለበጠ ዛሬም ይሮጣል። ያክስቷ ልጅ በዚያ ሁሉ ዓመት አንድ ቀን «አንቺ ነሽ ያደረግሽኝ» ብሏት አያውቅም። እሷም ይላል ብላ ስትጠብቅ ነው የኖረችው።

ባለማዳመጫው በመጣ ማግስት ያክስቷ ልጅ ሱቋ ገባ። ሽበቱ አምሮበታል፤ ደረቱ አሁንም ቁም ሳጥን ነው፣ ባዶ ብቻ።

«ካሴቱን ስጪው» አላት።

«ሰላምታ ቀረ?»

«ሰላም ነሽ? ካሴቱን ስጪው።»

«ተቀመጥ እስቲ አንተ ሰውዬ። ደረጃው ይመታሃል።»

ተቀመጠ። እጁን ጉልበቱ ላይ አደረገ።

«የልጅ ልጆቼ ምን እንደሚሉኝ ታውቂያለሽ? ህፃኑ። ወተት ጥርሷ ያልወለቀ ልጅ "ህፃኑ፣ ጫማዬን እሰርልኝ" ትለኛለች።»

ፑሊ ከት ብላ ሳቀች። እሱ አልሳቀም።

«ሳቂ። አንቺ ምን አለብሽ፣ ጣቶችሽ እንዳሉ ናቸው። የኔ ድምፅ ያለው እዚያች ካሴት ላይ ነው። ሌላ ቦታ የለም። ጉሮሮዬ ውስጥም የለም።» ከዚያ ድምፁን ሳያነሣ፣ ማንሣትም ስለማይችል፣ «ያን ቀን ምቱን ያወጣሽው አንቺ ነሽ» አላት።

ስትጠብቀው የኖረችው መጣ። እንዳሰበችው አላሰመጣትም።

«አዎ እኔ ነኝ። አንተም ዘፈንክ።»

«ዘፈንኩ።»

ተነሥታ በሩን ገርበብ አደረገች። እናቲቱን ካሴት ከመርፌ ሳጥኖቹ ኋላ አወጣች፤ ራሷ የጠገነችው፣ ፑሊው ራቁቱን የሆነ ቴፕ ላይ አስገባቻት። ከዓመታት በኋላ ሁለቱም የሽቦን ክፍል ሰሙ፤ በብርድ ልብሱ በኩል የገባ የመኪና ጥሩምባ፣ አንድ ሳል፣ ከዚያ ድምፁ። የሱ ድምፅ። ዝቅ ብሎ፣ ሰፍቶ፣ ከባድ ዕቃ የተሸከመ ሰው ደረጃ ሲወርድ እግሩን እያረጋገጠ እንደሚያስቀምጥ እያንዳንዱን ቃል ያስቀምጣል። ጠረጴዛው ላይ የተበተኑት ብሎኖች ቀስ ብለው ተንቀጠቀጡ። ያክስቷ ልጅ ካሴቱ እስኪያልቅ ወለሉን ነበር የሚያየው።

«ቆንጆ ነበርክ» አለችው።

«ነበርኩ አይደል?»

«ነበርክ። ውሰዳት። ድምፅህ ነው፣ ከጉሮሮህ አልሰርቅህም። በራስህ ስም አውጣው፣ ኪቦርዴንም መርቄልሃለሁ። አራተኛው ፈረቃ ብሎ ግን አይጻፍበትም። ስሕተት የምትባል ቃልም አጠገቡ አትቀመጥም።»

«ያለ ስሙ ማን ይሰማኛል?»

«እኔ።»

«አንቺማ አሁን ሰማሽ።»

«እንግዲህ ከዚህ አላልፍም» አለች ፑሊ። «ልትጣላኝም ከፈለግህ ተጣላኝ።»

ካሴቷን ደረት ኪሱ ከቶ ወጣ። ቅዳሜ ባለማዳመጫውን አስከትሎ ተመለሰ። ሦስት ሰው ለሱቁ ብዙ ነው፤ ልጁ በሩ ላይ ግማሽ ውጭ፣ ግማሽ ውስጥ ሆኖ ቆመ። የፑሊን ቃል ሰምቷል፤ ያለ ስሙ ድርጅቱ እንደማይቀበል ሊያስረዳት ነው የመጣው።

«እትዬ፣ እኛ እኮ የምንፈልገው ሙዚቀኞቹ ያሰቡትን ማክበር ነው።»

«ሙዚቀኞቹ ያሰቡትን ይዘን ስንወጣ ቆመው ነው ያዩን። ባትሪያቸው አልቋል ነው የተባልነው።»

«ግን ትክክለኛው ፍጥነት ተለክቶ...»

«ምኑን ነው የለካኸው? ካሴቱን። እስቲ ጉልበቱን ለካው። ያን ዘፈን እኛ አይደለንም እዚህ ያደረስነው። የኔ ባንድ ያንድ ዓመት ዕድሜ ነው የነበረው፤ ሱፍ ለባሾቹ ስንት ካሴት አውጥተው ዛሬ ማን ያስታውሳቸዋል? እኛን ያኖሩን በሰርጉም በልደቱም ካሴቱ ሲበጠስ በጥፍር ቀለም እየለጠፉ የጨፈሩት ናቸው። አሁን አንተ መጥተህ ልትነግራቸው ነው፣ ተሳስታችሁ ነው የጨፈራችሁት ብለህ? ጉልበታቸው ተሳስቶ ነበር?»

ልጁ ወደ ያክስቷ ልጅ ዞረ። «እርስዎ ይንገሯቸው እንጂ። ድምፅዎ እኮ ነው።»

ያክስቷ ልጅ ደረት ኪሱን በመዳፉ ሸፍኖ ቆመ። ፑሊ አላየችውም፤ ካየችው የምትለምነው እንዳይመስለው ፈርታ ክር ትጠቀልል ጀመር። በዚያች ደቂቃ ስሙን ውሰድ ቢለው ልጁ ይወስድ ነበር፤ እሷ ብቻዋን ምን ታመጣለች?

«ሽፋኑ ላይ እውነተኛው ብለህ ነው የምትጽፈው?» አለ ልጁን።

«አዎ። እውነተኛው አራተኛው ፈረቃ።»

«ታዲያ ያን ሁሉ እሁድ ጉሮሮዬን የቀደድኩት በውሸት ነው?»

ልጁ ማዳመጫውን ከአንገቱ አወረደ።

«እኔ እዚያ ላይ ቆሜ ዘፍኛለሁ» አለ ሰውየው፣ በዚያች በሟሸሸች ድምፁ፣ ግን ቀስ እያለ፣ ደረጃ እንደሚወርድ ሰው። «ማንም አላስገደደኝም። መውረድ እችል ነበር። በዚህ ጉሮሮ ከፍዬበታለሁ፤ የከፈልኩበትን ስሕተት አታስብልብኝም። ስሙን ተወው። ካሴቷንም ተዋት።»

ቀና ሲል ደረጃው ጭንቅላቱን መታው። ፑሊ «እሱን ክሰስ» አለችው፤ ድምፇ ግን ለቀልዱ አልበቃም። ባለማዳመጫው ይቅርታ ጠይቆ ሄደ። ክፉ ልጅ አልነበረም።

ያክስቷ ልጅ እናቲቱን ካሴት ለትልቋ የልጅ ልጁ ሰጣት፤ እሷም አንዱን ዘፈን በስልኳ ቀድታ፣ በራሱ ስም፣ አውቶቡሱ በር ላይ ከተነሣው ፎቶ ጋር ለቀቀችው። ብዙ ሰው አልሰማውም። ከሰሙት አንዱ ከሥሩ «ህፃኑ አደገ እንዴ?» ብሎ ጻፈበት። ሰውየው ስልኩን ይዞ ፑሊ ሱቅ ድረስ መጥቶ አሳያት፣ እየተሳደበ፣ እንባው እስኪመጣ እየሳቀ።

አዳራሹ ዛሬም የሲሚንቶ ነው፤ ጎኑ ያለው የጋራዡ ግቢ ግን እሁድ ከሰዓት ክፍት ነው። ጸጉራቸው የሸበተ የፋብሪካ ሴቶች፣ ሴት ልጆቻቸው፣ የጋራዥ ልጆች ይመጣሉ። ድምፅ ማጉያውን የምትወስደው ፑሊ ናት።

ባለፈው እሁድ ሱቋን ስትቆልፍ ታሪኳን ልትጽፍ የመጣች አንዲት ጠያቂ አብራት ነበረች፤ ቀኑን ሙሉ ስትጠይቃት ውላ አንዲት ጥያቄ ቀርታት ነበር። ሁለቱንም ሰምቻለሁ አለቻት፣ ቀርፋፋውንም ሩጫውንም፤ ለብቻሽ ስትሆኚ የትኛውን ነው የምትሰሚው?

ፑሊ ድምፅ ማጉያውን ትከሻዋ ላይ አመቻቸች። መልሱን ልትሰጥ መስላ ወደ ታች አየች፤ የጠያቂዋን ጫማ ነበር የምታየው፣ ባለ ቀጭን ተረከዝ፣ አዲስ።

«ለብቻዬ?» አለች። «እኔ ለብቻዬ ሙዚቃ አልሰማም። በይ፣ በዚህ ጫማ እዚያ ግቢ ድርሽ እንዳትዪ፤ ወለሉ ዘይት ነው፣ ትሰበሪብኛለሽ።»

አስፋልቱን ስትሻገር አንድ ሚኒባስ ጥሩምባውን ነፋባት። ነፃ እጇን ከፍ አድርጋ አስቆመችው፤ ሹፌሩ አንገቱን አውጥቶ የሆነ ነገር ተናገረ፣ እሷም መለሰችለት፣ ከኋላ የተሳፈሩት ሳቁ። ከማዶ ሁለት ሴቶች የማጉያውን ገመድ ለመቀበል እጃቸውን ዘርግተው ይጠብቋት ነበር። አንደኛዋ ድምፅ ማጉያውን ልታግዛት ብትጠጋ አልሰጠቻትም፤ ብቻዋን ተሸክማ በጋራዡ በር ገባች።